ስለ ወለድ አገድ፤ በመያዣ የተያዘ ርስትና ቤት በዘመን ብዛት የሚያስከፍለው ዋጋ

ወለድ አገድ የሚባለው ውል፣ ባለርስት የሆነ ሰው ገንዘብ ሲቸግረው መሬቱን ወይም ቤቱን ለአበዳሪው አስረክቦ የሚበደርበት፣ አበዳሪውም ገንዘቡ እስኪመለስለት ድረስ በወለድ ፈንታ የመሬቱን ፍሬ እየበላ ወይም በቤቱ ያለ ኪራይ እየኖረ የሚቆይበት ሥርዓት ነው። ይህ ውል በኢትዮጵያ ለብዙ ዘመን ሲሠራበት ኖሯል፤ በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ስፍራ ሰጠው፤ በ1967 ዓ.ም. የወጣው ዐዋጅ በገጠር መሬት ላይ እንዳይደረግ ከለከለው፤ ከዚያም በኋላ ቢሆን ከልማድ ፈጽሞ አልጠፋም።

ስለ ወለድ አገድ የሚነገረው ብዙውን ጊዜ ከክርክር አንጻር ነው፤ መሬቱ ለማን እንደሚገባ ይጠየቃል። ተበዳሪው እስከ መጨረሻው ድረስ በጠቅላላው ስንት ከፈለ የሚለው ጥያቄ ግን እምብዛም አይነሣም። ለዚህም ምክንያት አለው። በወለድ አገድ ውስጥ በቃል የሚጠራ ወለድ የለም፤ የሚጠራ ወለድ ስለሌለም ዕዳው ቀላል ይመስላል። ከዚህ ቀጥሎ የሚመረመረው የዚህ ዕዳ ዋጋ በመከር ብዛት ሲቈጠር ምን ያህል እንደሆነ፣ እንዲሁም በዘመናችን ቤት ለመሥራት ወይም ለመግዛት ከባንክ በመያዣ የሚወሰደው ብድር በምን እንደሚመስለውና በምን እንደሚለይ ነው።

ስለ ቃሉና ስለ ሕጉ

«ወለድ» የሚለው ስም «ወለደ» ከሚለው ግሥ የወጣ ነው፤ ገንዘብ ገንዘብን እንደ ልጅ ይወልዳል የሚል ሐሳብ አለበት። የጥንት ግሪኮችም ልጅንና የብድርን ትርፍ «ቶኮስ» በሚል በአንድ ቃል ይጠሩ ነበር፤ አሪስጣጣሊስም አራጣን ከተፈጥሮ ሥርዓት የራቀ የሀብት ማግኛ ነው ብሎ ሲነቅፍ በዚሁ ቃል ትርጓሜ ተጠቅሟል። «አገደ» ማለት ደግሞ ከለከለ፣ ገታ፣ ያዘ ማለት ነው። ስለዚህ ወለድ አገድ ሲባል፣ መሬቱ ስለተያዘ በገንዘቡ ላይ የሚቈጠረው ወለድ ታግዷል ማለት እንደሆነ ይታሰባል።

ይህ ስም ከሕገ ቤተ ክርስቲያን ጋር ሲገናዘብ ይበልጥ ይብራራል። በ13ኛው መቶ ዓመት በግብፅ ኢብን አልዐስሳል በዐረብኛ ሰብስቦት በኋላ ወደ ግዕዝ የተመለሰው ፍትሐ ነገሥት አራጣን ይከለክላል። ኦሪትም ወንድም ከወንድሙ ወለድ እንዳይቀበል ያዝዛል። በዚህ ትምህርት ውስጥ ያደገ ክርስቲያን አበዳሪ አራጣ በላ ተብሎ እንዲታማ አይወድም። የመሬት ፍሬ ግን በዐይን የሚታይ፣ በእጅ የሚታጨድ እህል ነው፤ ወለድ ተብሎ አይጠራም። ስለዚህ ሁለቱ ሥራዎች በዋጋ ቢተካከሉም በስም ተለያዩ፤ አራጣ የሚያበድረው ሲነቀፍ፣ መሬት በወለድ አገድ የያዘው ግን የቸገረውን ጎረቤቱን እንደ ረዳ ሊቈጠር ቻለ።

ተበዳሪውም ቢሆን ወለድ አገድን የሚመርጥበት እውነተኛ ምክንያት ነበረው። በአራጣ የተበደረ ሰው መክፈል ሲያቅተው ዕዳው በየወሩ ያድጋል፤ በቀድሞው ዘመን ባለዕዳ ከባለገንዘቡ ጋር በሰንሰለት ተቈራኝቶ እስከ መታሰር ይደርስ ነበር። በወለድ አገድ ግን ዕዳው አያድግም፤ ሰውየውም በአካሉ አይያዝም። መከሩ ቢከፋ ጉዳቱ የሚደርሰው መሬቱን በያዘው አበዳሪ ላይ ነው። ከሁሉም በላይ፣ ርስቱ አልተሸጠም፤ ገንዘቡ በተገኘ ቀን ይመለሳል የሚል ተስፋ ነበረ። የውሉ ክብደት የተሰወረው ግን በዚሁ ተስፋ ውስጥ ነው።

የመከር ስሌት

ነገሩን በምሳሌ ማየት ይቻላል። አንድ ገበሬ የ20 ዳውላ ጤፍ ዋጋ የሚያህል ገንዘብ ተበድሮ መሬቱን በወለድ አገድ ሰጠ እንበል። መሬቱ በዓመት 8 ዳውላ ያፈራል። አበዳሪው ራሱ አያርሰውም፤ ለዚያው ለባለርስቱ በእኩል እንዲያርሰው ይመልስለታል። በዚህ ዐይነት ባለርስቱ በገዛ መሬቱ ላይ እኩል አራሽ ሆኖ በየዓመቱ 4 ዳውላ ለአበዳሪው ያገባል።

በ5 ዓመት ውስጥ ያገባው እህል 20 ዳውላ ይሆናል፤ ይህም ከተበደረው ጋር ትክክል ነው። ዕዳው ግን ከዋናው አንዲት ቁና እንኳ አልጐደለም። 10 ዓመት ሲሞላ የከፈለው 40 ዳውላ፣ 30 ዓመት ሲሞላ 120 ዳውላ ይደርሳል፤ በዚያን ጊዜ ርስቱን ላስመልስ ቢል ዋናውን 20 ዳውላ ጨምሮ በጠቅላላው 140 ዳውላ መክፈሉ ነው። በዓመት 4 ዳውላ በ20 ዳውላ ላይ ሲታሰብ ከመቶ 20 ወለድ ማለት ነው፤ ይህንንም ቁጥር በውሉ ጊዜ ማንም በአፉ አልተናገረውም።

አሁን ደግሞ ያው መሬት፣ ያው ዕዳ፣ ያው 4 ዳውላ ይሁንና፣ አበዳሪው በዓመት ከመቶ 9 ወለድ ብቻ እያነሣ የቀረው እህል ከዋናው ዕዳ ላይ እንዲቀነስ ተዋዋሉ እንበል። በመጀመሪያው ዓመት ከ4ቱ ዳውላ 1.8ቱ ለወለድ ይሄዳል፤ 2.2ቱ ዕዳውን ያጐድላል። በሁለተኛው ዓመት ለወለድ የሚሄደው ያንሳል፤ ዕዳውን የሚያጐድለው ይበዛል። እንዲህ እያለ በ7ኛው ዓመት ዕዳው ያልቃል፤ ባለርስቱም 28 ዳውላ ያህል ብቻ ከፍሎ መሬቱን ይረከባል። በሁለቱ ውሎች መካከል ያለው ልዩነት አንድ ብቻ ነው፤ ፍሬው ከዋናው ላይ ይቀነሳል ወይስ አይቀነስም? በዚህ በአንዱ ቃል ምክንያት የሰባት ዓመት ዕዳ የአንድ ሰው ዕድሜ ዕዳ ይሆናል።

የከተማ ቤትም በዚሁ መንገድ ይታሰባል። አበዳሪው ገንዘብ ሰጥቶ በቤቱ ያለ ኪራይ ሲኖር፣ የቀረው ኪራይ ሁሉ ወለድ ነው። ባለቤቱ ከእጁ ገንዘብ ስላላወጣ የከፈለ አይመስለውም፤ ነገር ግን ሊያገኘው ይገባ የነበረውን የየወሩን ኪራይ ዋናው ገንዘብ እስኪመለስ ድረስ አጥቷል።

የሞተ መያዣና ሕያው መያዣ

ይህ ችግር የኢትዮጵያ ብቻ አይደለም። በ12ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ በእንግሊዝ አገር የተጻፈው፣ በግላንቪል ስም የሚታወቀው የሕግ መጽሐፍ መያዣን በሁለት ይከፍለዋል። ፍሬው ዕዳውን የሚያጐድል ከሆነ አንድ ዐይነት ነው፤ ፍሬው ዕዳውን የማያጐድል ከሆነ ግን የሞተ መያዣ ይባላል። ዛሬ እንግሊዞች ለቤት መያዣ ብድር የሚጠሩበት «ሞርጌጅ» የሚለው ቃልም ትርጓሜው ከፈረንሳይኛ ሲመለስ የሞተ መያዣ ማለት ነው። ያ መጽሐፍ የሞተ መያዣን የንጉሡ ፍርድ ቤት ባይከለክለውም እንደ አራጣ ያለ ኀጢአት አድርጎ ይቈጥረዋል። እ.ኤ.አ. በ1163 በፈረንሳይ አገር በቱር ከተማ የተሰበሰበው የምዕራባውያን ቤተ ክርስቲያን ጉባኤም፣ ካህናት መሬት በመያዣ ይዘው ከዋናው ገንዘብ በላይ ፍሬውን እንዳይበሉ፣ የበሉትም ፍሬ ከዕዳው እንዲቀነስ ወሰነ። በዚህ አከፋፈል ሲመዘን የኢትዮጵያ ወለድ አገድ የሞተ መያዣ ወገን ነው።

ኦሪትም የሚያስተምረው ከዚህ ጋር ይስማማል። በዘሌዋውያን 25ኛው ምዕራፍ እንደተደነገገው፣ ርስት ሲሸጥ ዋጋው የሚታሰበው እስከ ኢዮቤልዩ ድረስ በቀሩት መከሮች ቍጥር ነው፤ የሚቤዠውም ሰው ገዢው የተጠቀመባቸውን ዓመታት ቈጥሮ የቀረውን ብቻ ይመልሳል። በ50ኛው ዓመት ደግሞ ርስቱ ሳይከፈልበት ይመለሳል። እንግዲህ በኦሪት ሕግ የተበላው መከር ሁሉ ይቈጠራል፤ የመያዣው ዘመንም ወሰን አለው። በወለድ አገድ ግን የተበላው መከር አይቈጠርም፤ ዘመኑም ወሰን የለውም። ኦሪትን እጅግ በሚያከብር ሕዝብ መካከል ይህ ልዩነት ጸንቶ መኖሩ ሊመረመር የሚገባው ነገር ነው።

የልጅ ልጅ መቤዠት

ለዘመኑ ወሰን ማጣት አንዱ ምክንያት የርስት ጽናት ነው። «ርስት በሺ ዓመቱ ለባለቤቱ» የሚለው ብሂል እንደሚያስረዳው፣ ርስት የአንድ ሰው ንብረት ብቻ ሳይሆን የትውልድ መብት ነው። አባት በወለድ አገድ የሰጠውን መሬት ልጅ ወይም የልጅ ልጅ ዋናውን ገንዘብ ቈጥሮ ሊያስመልስ ይችላል። መብቱ በጊዜ ብዛት አይሻርም ተብሎ ስለሚታመን፣ ተበዳሪው ለመቤዠት አይቸኵልም፤ በየዓመቱ የሚያጣው መከር ግን አይመለስለትም።

በሌላው ወገን ዘመን በአበዳሪው ላይ የሚፈርድበት ጊዜም አለ። ገንዘቡ የተሰጠው በማርትሬዛ ብር ነው እንበል፤ ያ ጠገራ ብር 23 ግራም ያህል ንጹሕ ብር የያዘ ነበር። በ1937 ዓ.ም. አዲሱ የኢትዮጵያ ብር ሲወጣ፣ ከዚያም በኋላ የመሬት ዋጋ ሲወደድ፣ የተበዳሪው የልጅ ልጅ በአያቱ ዘመን የተነገረውን ቍጥር ይዞ ቢመጣ የሚከፍለው ከመሬቱ ዋጋ ጋር ሲመዛዘን እጅግ ጥቂት ይሆናል። በዚህ ጊዜ የአበዳሪው ልጆች፣ መሬቱ ተሸጦልናል እንጂ በመያዣ አልተሰጠንም ብለው ይከራከራሉ፤ የተከሉትን ባሕር ዛፍና የሠሩትን ቤት ይቈጥራሉ። ነገሩም ሽያጭ ነው ወይስ ወለድ አገድ ወደሚል ክርክር ይገባል።

እንዲህ ባለው ክርክር የሚረዳው ማስረጃ ነው። በ18ኛው መቶ ዓመት በጎንደርና በአካባቢው ርስት ሲሸጥ ውሉ በቤተ ክርስቲያን መጻሕፍት ባዶ ገጾች ላይ ከዳኛው፣ ከምስክሮቹና ከዋሱ ስም ጋር ይጻፍ ነበር። ዶናልድ ክራሚ እነዚህን ጽሑፎች መርምሮ እንዳሳየው፣ ከሻጮችና ከገዢዎች መካከል ሴቶችም ነበሩ። ነገር ግን መጽሐፍና ጸሐፊ ያለበት ደብር ለሁሉ ቅርብ አይደለም። በገጠር በሽማግሌ ፊት በቃል የተደረገ ወለድ አገድ የሚኖረው ምስክሮቹ በሕይወት እስካሉ ድረስ ነው። ምስክሮቹ ሲሞቱ ርስቱን የሚያጣው ብዙውን ጊዜ ጉልበትና ወገን የሌለው፣ ይልቁንም ባሏ የሞተባት ሴትና አባት የሌለው ልጅ ነው። ይህም ከመከሩ በላይ የሆነ፣ በዳውላ የማይሰፈር የዕዳው ዋጋ ነው።

በባንክ ብድር የሚሠራ ቤት

በከተማ የርስት ነገር በሌላ መንገድ ሄደ። በ1900 ዓ.ም. በአዲስ አበባ የከተማ ቦታ በግል እንዲያዝና እንዲሸጥ ተፈቀደ፤ ቦታና ቤትም ለገንዘብ ዋስትና የሚሆን ንብረት ለመሆን በቃ። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ለማይንቀሳቀስ ንብረት መያዣና ለወለድ አገድ ለየብቻ ደንብ ሠራላቸው። ለገንዘብ ብድር ተዋዋዮቹ ያልተስማሙበት ወለድ ከመቶ 9፣ የተስማሙበትም ከመቶ 12 እንዳይበልጥ ወሰነ፤ ያልተከፈለ ወለድ ከዋናው ጋር ተደምሮ ዳግመኛ ወለድ እንዲወልድ አስቀድሞ መዋዋልንም ከለከለ። እ.ኤ.አ. በ1975 በንጉሠ ነገሥቱ ዘመን ከነበሩት ሁለት የቁጠባና የቤት ብድር ድርጅቶች የቤቶችና ቁጠባ ባንክ ተቋቋመ፤ ይህም ባንክ በኋላ ስሙ ተለውጦ ከኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ጋር ተዋሐደ።

በባንክ መያዣ ባለዕዳው ከቤቱ አይወጣም፤ በቤቱ እየኖረ ይከፍላል። የሚከፍለውም ከዋናው ላይ ስለሚቀነስ ውሉ የሕያው መያዣ ወገን ነው። ይሁን እንጂ ዘመኑ ሲረዝም ወደ ቀድሞው ይቀርባል። ለምሳሌ 100,000 ብር በዓመት ከመቶ 9 ወለድ ለ20 ዓመት ተበድሮ በየወሩ እኩል ለሚከፍል ሰው፣ የወር ክፍያው 900 ብር ያህል ነው። በመጀመሪያው ወር ከዚህ ውስጥ 750 ብር ለወለድ ይሄዳል፤ ከዋናው የሚቀነሰው 150 ብር ብቻ ነው። 10 ዓመት ሙሉ ከፍሎ የዘመኑ እኩሌታ ሲያልፍ፣ ያገባው ገንዘብ 108,000 ብር ያህል ሆኖ ሳለ 71,000 ብር ያህል ዕዳ ይቀርበታል። የዋናው እኩሌታ የሚያልቀው በ14ኛው ዓመት መጨረሻ ላይ ነው። በ20ው ዓመት የሚከፍለው ጠቅላላ 216,000 ብር ያህል ነው፤ ማለትም ለአንድ ቤት የሁለት ቤት ዋጋ ከፍሏል።

ያው ገንዘብ በ10 ዓመት የሚከፈል ቢሆን የወር ክፍያው ወደ 1,267 ብር ከፍ ይላል፤ ጠቅላላው ግን 152,000 ብር ያህል ብቻ ይሆናል። በየወሩ 367 ብር ተጨማሪ የሚከፍል ሰው በመጨረሻ 64,000 ብር ያህል ያተርፋል። ወለዱ ከመቶ 9 ወደ ከመቶ 12 ቢያድግ ደግሞ የ20 ዓመቱ ጠቅላላ ክፍያ ወደ 264,000 ብር ይደርሳል። ብዙ ሰው ቤት ሲገዛ የሚጠይቀው የወሩን ክፍያ ነው፤ የወሩ ክፍያ ትንሽ እንዲሆን ዘመኑ ይረዝማል፤ ዘመኑ ሲረዝም ዋጋው ያድጋል። በወለድ አገድ ወለዱ በመከር ውስጥ እንደ ተሰወረ፣ በባንክ ብድርም በእኩል የወር ክፍያ ውስጥ ይሰወራል።

ለፍርድ ሚዛን ሲባል ሌላው ወገንም መታየት አለበት። የገንዘብ የመግዛት ኀይል ሲወድቅ ዕዳም አብሮ ይቀላል። በ2014 ዓ.ም. በኢትዮጵያ የኑሮ ውድነት ከመቶ 30 በላይ በደረሰ ጊዜ፣ ቀደም ብሎ ከዚያ በታች በሆነ ወለድ ተበድሮ ቤት የያዘ ሰው በብሩ መርከስ ተጠቅሟል፤ የጐዳውም በባንክ ገንዘብ ያስቀመጠውን ነው። ይህ በልጅ ልጁ ዘመን በቀድሞው ቍጥር ርስቱን ከሚያስመልሰው ተበዳሪ ዕድል ጋር አንድ ነው። ነገር ግን እንዲህ ያለው ጥቅም በዕድል የሚመጣ ነው፤ ተበዳሪው በውሉ ቀን ሊተማመንበት የሚችል አይደለም።

ከ1967 ዓ.ም. ወዲህ

በየካቲት 1967 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት ዐዋጅ መሬትን የሕዝብ ንብረት ሲያደርግ ሽያጭን፣ መያዣንና ወለድ አገድን በስም እየጠራ ከለከለ። በዚያው ዓመት በሐምሌ የከተማ ቦታና ትርፍ ቤት ተወረሰ። በ1987 ዓ.ም. የጸናው ሕገ መንግሥትም መሬት እንዳይሸጥና እንዳይለወጥ ደነገገ። ሕጉ እንዲህ ቢሆንም የገበሬው ችግር አልተከለከለም፤ በሬ የሞተበት፣ ሕመምተኛ የያዘ፣ ድግስ የገባበት ሰው ገንዘብ መፈለጉ አልቀረም። ስለዚህ ወለድ አገድ በሽማግሌና በምስክር መካከል፣ ከሕግ መዝገብ ውጭ ሆኖ ቈየ። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት አስተዳደርና አጠቃቀም ዐዋጅ ገበሬው በይዞታው የመጠቀም መብቱን ለብድር ዋስትና እንዲያውለው ፈቀደ። ከመከልከል ወደ መፍቀድ የተደረገው ይህ ለውጥ የድሮውን ጥያቄ እንደገና ያነሣዋል፤ ፍሬው ከዋናው ይቀነሳል ወይስ አይቀነስም? ዘመኑስ ስንት ነው?

ከዚህ ሁሉ የሚገኘው ፍሬ ነገር ይህ ነው። ወለድ አገድ በስሙ ወለድን ያገደ ቢመስልም ያገደው የወለድን መቈጠር ነው። ያልተቈጠረው ወለድ በ5 ዓመት ዋናውን አክሎ፣ በ30 ዓመት ስድስት እጥፍ ሊሆን ይችላል። የባንክ ውል ደግሞ ወለዱን እስከ ሳንቲም ቈጥሮ ይጽፈዋል፤ ተበዳሪው ግን የወሩን ቍጥር አንብቦ የዓመቱን ሳያነብ ይፈርማል። በአንደኛው ቈጣሪ ጠፋ፤ በሁለተኛው አንባቢ ጠፋ። የቀድሞ ሰዎች ርስት ሲይዙ ዳኛ፣ ዋስና ምስክር ይጠሩ ነበር፤ እነዚህ ሁሉ የሚመሰክሩት ስንት ገንዘብ እንደተሰጠ ነው። ስንት መከር እንደሚወሰድ የሚመሰክር ግን አልተጠራም።